የጋዝ ስቴሽን ውል «አለማደስ» ምንድን ነው? ከጀርባው የመንግሥት ኩባንያ ሲኖርስ?

አሜሪካ ውስጥ ጋዝ ስቴሽን የሚያስተዳድሩ ኢትዮጵያውያን ጥቂት አይደሉም። የሦስት ዓመት ውላቸው ሲሞላ «አናድስም» የሚል ደብዳቤ ከደረሳቸው፣ ዘመኑ ያለቀ ውል መብትም ይዞ የሚያልቅ ስለሚመስላቸው ቁልፉን አስረክበው የሚወጡ አሉ። ሕጉ ግን ከእነሱ ጎን ሊሆን ይችላል።

እ.ኤ.አ. በ1978 የወጣው የነዳጅ ግብይት አሠራር ሕግ (በንግዱ ሰዎች አነጋገር ፒኤምፒኤ) ውል ማቋረጥንም አለማደስንም እኩል ይቆጣጠራል። በብራንድ ስም ነዳጅ እንዲሸጡ ፈቃድ የሰጠዎት ወገን፣ ማጣሪያው ራሱም ይሁን በመሐል ያለው አከፋፋይ ወይም «ጃበር»፣ ዘመኑ ስላለቀ ብቻ ሊያሰናብትዎት አይችልም። በሕጉ ከተዘረዘሩት ምክንያቶች አንዱን ማቅረብ አለበት፤ ጉዳዩ ፍርድ ቤት ከደረሰም ምክንያቱን የማስረዳት ሸክም የእሱ ነው። ከዚህ የሚለየው የሙከራ ውል ነው፤ እስከ አንድ ዓመት የሚቆይ የመጀመሪያ ውል ከሆነና የሙከራ መሆኑ በጽሑፍ ከተገለጸ፣ ማስታወቂያ እንጂ ምክንያት አያስፈልገውም።

ከምክንያቶቹ መካከል ክፍያ አለመፈጸም፣ ኪሳራ መግባት፣ ነዳጅ እያወቁ መቀላቀል፣ ማደያውን ለ7 ተከታታይ ቀናት መዝጋት ይገኛሉ። ንጽሕና መጓደልና የበዛ የደንበኛ አቤቱታም አለማደስን ሊያስከትሉ ይችላሉ። ብዙ ጭቅጭቅ የሚያስነሳው ግን በአዲሱ ውል ላይ አለመስማማት ነው። ኪራዩ በጣም መጨመሩ ብቻውን ባለማደያውን አያሸንፍለትም። ጥያቄው አቅራቢው ለውጡን ያመጣው በቅን ልቦናና በተለመደው አሠራሩ ነው ወይ የሚል ነው። በአንድ ቀመር ለሁሉም ባለማደያዎች የጨመረውን መርታት ከባድ ነው፤ እርስዎን ለማስወጣት ሲል ብቻ የቆለለውን ግን ሕጉ አይፈቅድለትም።

ቦታው የአቅራቢው ሆኖ «ልሸጠው ነው» ካለ፣ የአለማደስ ማስታወቂያው ከተሰጠ በኋላ ባሉት 90 ቀናት ውስጥ በቅን ልቦና ዋጋ ቆርጦ ለእርስዎ ማቅረብ ይኖርበታል። ካልሆነም ሌላ ሰው ባቀረበው ዋጋ የመግዛት ቅድሚያ ቢያንስ ለ45 ቀናት ሊሰጥዎት ይገባል።

ማስታወቂያው በጽሑፍ ሆኖ በአደራ ፖስታ ወይም በእጅ ይሰጣል፣ ውሉ ከሚያበቃበት ቀን ቢያንስ 90 ቀን ቀድሞ። አቅራቢው ከአካባቢው ገበያ ጨርሶ የሚወጣ ከሆነ 180 ቀን ነው። ደብዳቤው ምክንያቱን፣ የሚያበቃበትን ቀንና የባለማደያውን መብት የሚያስረዳ፣ በኢነርጂ መሥሪያ ቤት የተዘጋጀ ማጠቃለያ መያዝ አለበት። የፖስታ ቤቱ የቀን ማኅተም ያለበትን ፖስታ ሳይጥሉ ያስቀምጡ፤ ቀኑ የሚቆጠረው ከተላከበት ነው።

መንግሥት ባለቤት ሲሆንስ? የነዳጅ ማጣሪያና የማደያ ብራንድ የሆነውን ሲትጎን (Citgo) ይውሰዱ። እ.ኤ.አ. በ1990 ሙሉ በሙሉ የቬንዙዌላ መንግሥት ነዳጅ ድርጅት ንብረት ሆኗል። ሆኖም ሲትጎ ራሱ በዴላዌር የተመሠረተ የአሜሪካ ኩባንያ ሲሆን፣ አክሲዮኑን መንግሥት የያዘው በመሐል ባሉ ሌሎች ኩባንያዎች በኩል ነው። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2003 እንደወሰነው፣ በባለቤትነት ምክንያት የውጭ መንግሥት ያለመከሰስ ጥበቃ የሚያገኘው መንግሥት አብዛኛውን ድርሻ በቀጥታ የያዘው ኩባንያ ብቻ ነው፤ ስለዚህ ባለቤቱ መንግሥት መሆኑ ብቻ ሲትጎን ከክስ አያድነውም። በዕዳ ምክንያት የእናት ኩባንያው አክሲዮን በዴላዌር ለጨረታ መቅረቡም የባለማደያውን ውል አያፈርስም። በተግባር ሲትጎ የሚሸጠው በአከፋፋዮች በኩል ስለሆነ፣ ብዙውን ጊዜ የሚከሰሰው ውሉን የፈረመው ጃበር ነው። ጃበሩ ራሱ የብራንዱን ፈቃድ ካጣ ግን ነገሩ ይከብዳል፤ ይህ ከሕጉ ምክንያቶች አንዱ ስለሆነ፣ ፈቃዱን ያጣው በራሱ ተንኮል መሆን አለመሆኑን ማጣራት ያስፈልጋል።

መብት የሚጠፋባቸው ሁለት ቦታዎች አሉ። የመጀመሪያው ፊርማ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2010 በማክስ ሼል ጉዳይ እንደወሰነው፣ አዲሱን ውል የፈረመ ሰው «ሕገ ወጥ ሆኖ ሳይታደስልኝ ቀረ» ብሎ መክሰስ አይችልም። ከፊርማው አጠገብ «በተቃውሞ ፈርሜያለሁ» ብሎ መጻፍም አያድንም። ስለዚህ ጠበቃ የሚታየው ከመፈረም በፊት ነው።

ሁለተኛው ጊዜ ነው። ለጉዳት ካሳ መክሰሻው አንድ ዓመት ነው። ማደያው ውስጥ መቆየት ከፈለጉ ግን ማስታወቂያው ከተላከበት ቀን ጀምሮ በ90 ቀን ውስጥ ክስ መመሥረት አለብዎት፤ ካለፈ ፍርድ ቤቱ ውሉን እንዲያስቀጥል አይገደድም። በጊዜው ለመጣ ባለማደያ የእግድ (ክሱ እስኪወሰን ውሉ እንዲቀጥል የሚያደርግ ትእዛዝ) መስፈርቱ ከሌላው ክስ ቀለል ይላል፦ ጉዳዩ ከባድ ክርክር የሚያስነሳ መሆኑን፣ እግዱ ቢከለከል የሚደርስብዎት ጉዳት አቅራቢው ላይ ከሚደርሰው እንደሚበልጥ ማሳየት በቂ ነው። ዋስትና ማስያዝም አለ፣ ገንዘቡን ቀድመው ያዘጋጁ። ቢረቱ፣ ተመጣጣኝ የጠበቃ ወጪዎን ተከሳሹ ሊከፍል ይችላል።