አስሊያን ምንድን ነው?

ሰሞኑን አንድ አስተያየት ሰጪ አስሊያንን «በጫካ የሚነገር የማላይኛ ቀበሌኛ» ሲል አየሁ፤ ስሕተቱ አዲስ ባይሆንም እንዲህ በእርግጠኝነት ተጽፎ ሳነበው ማለፍ ከበደኝ። አስሊያን በማሌዥያ ባሕረ ገብ መሬትና በደቡብ ታይላንድ የሚነገሩትን ሴማይን፣ ቴሚያርን፣ ጃሃይንና ሌሎችን የሚያቅፍ፣ ወደ 18 የሚጠጉ ቋንቋዎች ያሉት ቤተሰብ ነው፤ ወገኑም ከነቬትናምኛና ከካምቦዲያው ክመርኛ ጋር ኦስትሮኤዥያቲክ በተባለው ታላቅ የቋንቋ ቤተሰብ ውስጥ እንጂ ከማላይኛ ጋር አይደለም።

የአስተያየት ሰጪው ማስረጃ አንድ ቃል ነው፤ ዓይን በማላይኛ «ማታ»፣ በሴማይ «ማት» ይባላል። ይሁንና ቬትናምኛም «ማት» ይላል፤ በሰሜን ምሥራቅ ሕንድ የሚነገረው ካሲ ደግሞ «ክማት»። (ኦስትሮኤዥያቲክንና ማላይኛ የሚገኝበትን ኦስትሮኔዥያንን፣ ሁለቱን ታላላቅ ቤተሰቦች፣ ከሩቅ የሚያዛምዱ ሊቃውንት እንዳሉ አልክድም፤ ቢረጋገጥ እንኳ ቅድመ አያቶችን ያዛምዳል እንጂ የልጅ ልጆችን ቀበሌኛ አያደርግም።) ዓሣን ቢመለከት ኖሮ ልዩነቱ ባልተሰወረው፤ ማላይኛ «ኢካን»፣ ቴሚያር «ካእ»፣ ቬትናምኛ «ካ»።

የማላይኛ ቃላት በብዛት መግባታቸው እውነት ነው፤ ሴማዮችና ቴሚያሮች እስከ ሦስት በራሳቸው ቃል ቆጥረው ከአራት ጀምሮ በአብዛኛው ወደ ማላይኛ ይሻገራሉ። ይህ ግን ውሰት ነው። ከጎረቤቷ ምጣድ የተዋሰች ሴት የጎረቤቷ ልጅ አትባልም፤ ሳትመልሰው ዓመታት ቢያልፉ፣ አክንባሎውንና ሰፌዱን ብትደርብበት፣ ልጆቿም የእናታችን ምጣድ ነው ብለው ቢያድጉ ያው ነው። ወገኗን መለየት የፈለገ ሊጡን የምታዞርበትን እጅ ይይ። ቴሚያር «ስሎግ» (መተኛት) የሚለውን ግሥ ላልተፈጸመ ድርጊት ሲያውለው የመጨረሻውን ተነባቢ ቅጂ ወደ መካከል ያስገባና «ስግሎግ» ይላል። ከ«ሰበረ» «ሰባበረ»ን ለሚያወጣ አማርኛ ተናጋሪ እንግዳ አይሆንበትም (ይህም ዝምድና አይደለም፤ ከወዲሁ ልናገር)፤ ቴሚያር ግን ይህን ከማላይኛ አልተዋሰውም።

መደናገሩ ከየት እንደመጣ እገምታለሁ። «ኦራንግ አስሊ» ማለትም የመጀመሪያዎቹ ሰዎች ከሚባሉት ነባር ሕዝቦች መካከል እንደ ቴሙዋን ያሉት የማላይኛን የቅርብ ዘመድ ይናገራሉ። ኦራንግ አስሊ የሕዝቦች መጠሪያ ነው፤ አስሊያን ደግሞ የቋንቋ አጥኚዎች ያወጡት የቋንቋዎች መጠሪያ ነው፤ ሁለቱ አይገጣጠሙም።

በስም መቀላቀል የሚሰውረው ነገር አለ። በማሌዥያ የኬላንታን ግዛት ጃሃይ ብቻ ይነገርበታል ተብሎ በታሰበ መንደር 280 ያህል ሰዎች የሚናገሩት ጄዴክ የተባለ ሌላ የአስሊያን ቋንቋ መኖሩን የስዊድኑ የሉንድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ለዓለም ያስታወቁት በ2018 እ.ኤ.አ. ነው፤ ተናጋሪዎቹ ግን ያን ሁሉ ጊዜ እዚያው ነበሩ።