የጊዜ መገንጠያ ምንድን ነው?

ከአዲስ አበባ ወደ ሰሜን የሚጓዝ መኪና ኮምቦልቻ ሲደርስ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል። አንደኛው ሐረጎን እየተጠማዘዘ ወደ ደሴ ይወጣል፤ ሌላኛው በባቲ አድርጎ ወደ ሚሌ፣ ወደ አፋር ቆላ ይወርዳል። እንዲህ ያለውን ቦታ መገንጠያ እንለዋለን። በምናባዊ ድርሰት ውስጥ ጊዜም መገንጠያ አለው፤ አንድ ሆኖ የመጣ የጊዜ መስመር ለሁለት ተከፍሎ ሁለቱም እውነት ሆነው የሚቀጥሉበት ቅጽበት ማለት ነው።

ይህ ዘወትር ከምንለው «ቢሆን ኖሮ» ይለያል። ደሴ ውስጥ የታሪክ ጨዋታ ሲነሳ «ንጉሥ ሚካኤል ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ሰገሌ ላይ ባይሸነፉ ኖሮ» የሚል ሰው አይጠፋም። እኔም የንጉሡ የግብር አዳራሽ ከነበረው ከአይጠየፍ ደጅ ቆሜ ብዙ ጊዜ አስቤዋለሁ። ነገር ግን «ኖሮ» ያልን እንደሆነ ነገሩ እንዳልሆነ አምነናል፤ ያለን ዓለም አንድ ብቻ ነው። የጊዜ መገንጠያ ባለበት ድርሰት «ኖሮ» የሚል ቃል ቦታ የለውም። ንጉሡ ያሸነፉበት ደሴ አለ፤ እዚያም ዛሬ ጠዋት ቡና ተፈልቷል፤ ጎረቤት ተጠርቷል።

ጊዜ መቼ ይገነጠላል? ብዙ ደራስያን በእያንዳንዱ ምርጫ ይገነጠላል ይላሉ፤ ጀግናው በቀኝ ቢታጠፍ አንድ ዓለም፣ በግራ ቢታጠፍ ሌላ ዓለም። ይህን አልወደውም። የሞተ ሁሉ በሌላ መስመር በሕይወት ካለ አንባቢው ለማን ያለቅሳል?

እኔ ለዓመታት በደብተር ስጽፈው በኖርኩት ዓለም ሕጉ ሌላ ነው፤ ያገኘሁትም ከሐረጎ መንገድ ነው። ከመገንጠያው ጥቂት ያለፈ ሾፌር መሪውን አዙሮ መመለስ ይችላል። ዳገቱን ሲወጣም ኮምቦልቻ በየመጠምዘዣው ከታች ትታያለች፤ ትጠፋለች፤ ደግማ ትታያለች። ከአንድ መጠምዘዣ በኋላ ግን ፈጽሞ አትታይም። በእኔ ዓለም ጊዜ የሚሰነጠቀው ሰው በመረጠበት ቦታ ሳይሆን ምርጫውን መመለስ በማይቻልበት በዚያ መጠምዘዣ ላይ ነው።

በታሪኩ ውስጥ አንዲት መልእክተኛ አለች። ጦርነት የሚያስቆም፣ በሰም የታሸገ ደብዳቤ ይዛ ከሞላ ወንዝ ዳር ትደርሳለች። ልሻገር ወይስ ውኃው እስኪጎድል ልጠብቅ ብላ ስታመነታ ጊዜ ገና አንድ ነው። እግሯን ነክራ ብትመለስም አንድ ነው። ውኃው ወገቧ ላይ ሲደርስና እግሯ ድንጋዩን ሲለቅ ግን ጊዜ ይከፈላል። በአንዱ መስመር ትዋኛለች፤ በሌላው ዳር ላይ ተቀምጣ ነጠላዋን ትጨምቃለች።

ሁለተኛው ሕግ ለእኔ ከሁሉ የሚበልጠው ነው፦ ጊዜ ሲገነጠል አንድ ነገር አይከፈልም። ሰው፣ ወንዝ፣ ከተማ፣ ሁሉም ሁለት ይሆናል፤ ያ አንድ ነገር ግን በአንዱ መስመር ብቻ ይቀራል። እዚህ ያልተከፈለው ደብዳቤው ነው። የቀረውም ከተቀመጠችው ጋር ነው። የተሻገረችው በነጋታው ንጉሡ ፊት ቆማ ቦርሳዋን ስትፈታ ባዶ ነው፤ የሰሙ ሽታ እንኳ የለም። ውኃ ወስዶት አይደለም፤ የቦርሳው ማሰሪያ እንደ ታሰረ ነው። ስለዚህ አንደኛዋ በጊዜ ደርሳ የምታሳየው የላትም፤ ሁለተኛዋ የምታሳየው እያላት በጊዜ አትደርስም።

አንዳንድ አንባቢ ይህ ሳይንስ ነው ወይ ብሎ ይጠይቀኛል። አይደለም። አሜሪካዊው የፊዚክስ ሊቅ ሂው ኤቨረት በ1957 እ.ኤ.አ. ለፕሪንስተን ዩኒቨርሲቲ ባቀረበው የዶክትሬት ሥራ፣ የኳንተም ልኬት፣ ማለትም በጥቃቅን ቅንጣቶች ላይ የሚደረግ ልኬት፣ ሊሰጥ የሚችላቸው ውጤቶች ሁሉ በየራሳቸው ቅርንጫፍ ይፈጸማሉ ወደሚል ትርጓሜ የሚወስድ ሐሳብ አቅርቧል። «ብዙ ዓለማት» የሚለው ስም የወጣለት በኋላ ነው። እዚያ የሰው ምርጫ የተለየ ሥልጣን የለውም፤ ቅርንጫፍ የሚያወጣው የጥቃቅን ቅንጣቶች ጠባይ ነው። በአንዱ ቅርንጫፍ የሚጎድል ደብዳቤም የለም። ያ የእኔ ፈጠራ ነው።

የአሥራ አራት ዓመቱ የእህቴ ልጅ ደብተሩን አንብቦ ሲጨርስ የጠየቀኝ ስለ ፊዚክስ አልነበረም። «ጋሼ፣ የተሻገረችው ደብዳቤው የት እንደ ቀረ ታውቃለች?» አለኝ። አታውቅም ነበር፤ እንዲያ ነበር የጻፍኩት። በማግስቱ ያንን ገጽ ቀድጄ እንደገና ጻፍኩት። አሁን ንጉሡ «ደብዳቤው የታለ?» ሲላት ወደ ኋላዋ፣ ወደ ወንዙ ታያለች። ጭጋጉ ሲገለጥ ከማዶ አንዲት ሴት ነጠላዋን እየጨመቀች ተቀምጣለች።