ታይሮቶክሲኮሲስ ምንድን ነው? ከሃይፐርታይሮይዲዝምስ በምን ይለያል?

ሁለቱ ስሞች እየተቀያየሩ ሲጻፉ ማየት ከሰለቸኝ ሰንብቷል። በጋዜጣ የጤና ዓምድ ላይ አሉ፣ በሪፈር ወረቀት ላይ አሉ፣ ሕሙማን ይዘዋቸው በሚመጡት የምርመራ ውጤቶች ላይም አሉ። ሰሞኑን ደግሞ አንድ አስተያየት ሰጪ ልዩነቱ የስም ብቻ እንደሆነና ሆርሞኑ እስከ በዛ ድረስ ሕክምናው ያው እንደሆነ በሙሉ ልብ ሲያስረዳ አነበብሁ። ሕክምናው ያው አይደለም። ይህን ጽሑፍ ያስጻፈኝም ይኸው ነው።

ታይሮቶክሲኮሲስ ማለት የሰውነት ሕዋሳት ከሚያስፈልጋቸው በላይ የታይሮይድ ሆርሞን ሲደርሳቸው የሚከሰተው ሁኔታ ነው። ልብ ይፈጥናል፣ እጅ ይንቀጠቀጣል፣ ላብ ይበዛል፣ ክብደት ይቀንሳል፣ እንቅልፍ ይጠፋል። ስሙ የሚናገረው ይህንን ብቻ ነው፤ ሆርሞኑ ከየት እንደመጣ አንዳች አይልም። ሃይፐርታይሮይዲዝም ግን ምንጩን ይናገራል፤ አንገት ላይ ያለው የታይሮይድ ዕጢ ራሱ ከልክ በላይ ሆርሞን እያመረተ ነው ማለት ነው። ስለዚህ ሃይፐርታይሮይዲዝም ከታይሮቶክሲኮሲስ መንሥኤዎች አንዱ ነው። በብዛት የሚታየው እሱ መሆኑ ብቸኛው አያደርገውም።

ማስረጃ ለሚፈልግ ሰው አንድ ይበቃል። ታይሮይድ ዕጢው በካንሰር ምክንያት በቀዶ ሕክምና ሙሉ በሙሉ የወጣለት ሰው ሌቮታይሮክሲን የተባለውን የሆርሞን እንክብል ዕድሜ ልኩን ይወስዳል። መጠኑ ከበዛ ታይሮቶክሲኮሲስ ይይዘዋል። የሌለ ዕጢ ከመጠን በላይ ሠራ ሊባል ይችላል?

ነገሩን በወፍጮ ቤት ላስረዳ። ወፍጮው ታይሮይድ ነው፣ እህሉ አዮዲን፣ ዱቄቱ ሆርሞን። ወፍጮው የፈጨውን ሁሉ ወዲያው አያወጣም፤ ለሁለትና ለሦስት ወር የሚበቃ ዱቄት በከረጢት ሞልቶ በመጋዘን ያስቀምጣል። የመፍጨት ትእዛዝ የሚመጣው ጭንቅላት ውስጥ ካለው ፒቱታሪ ዕጢ ሲሆን ትእዛዙ ቲኤስኤች ይባላል። ዱቄት ሲበዛ ትእዛዙ ይቀንሳል፣ ሲያንስ ይበረታል። አንድ ቀን መንደሩ በዱቄት ተጥለቀለቀ እንበል። ሰው ሁሉ ወደ ወፍጮው ይጠቁማል። ግን ወፍጮው በእርግጥ እየፈጨ ነው? ከረጢቶቹ ተቀድደው እንደሆነስ? ዱቄቱ በጭነት ከሌላ ቦታ መጥቶ እንደሆነስ?

ወፍጮው በእርግጥ ከልክ በላይ የሚፈጭበት ጊዜ አለ። በዋነኛነት የሚጠቀሰው ሮበርት ግሬቭስ በደብሊን በ1835 እ.ኤ.አ.፣ ካርል ፎን ባሰዶው ደግሞ በጀርመን በ1840 የገለጹት በሽታ ነው፤ ዛሬ አብዛኛው ዓለም ግሬቭስ ይለዋል። የሰውነት መከላከያ የሚያመርተው ፀረ እንግዳ አካል የቲኤስኤችን ማኅተም አስመስሎ ሐሰተኛ ትእዛዝ ያስተላልፋል። እውነተኛው ትእዛዝ ቢቆምም ወፍጮው ሌት ተቀን ይፈጫል። በሌሎች ሰዎች ደግሞ በዕጢው ውስጥ ያለ አንድ እብጠት፣ ወይም ብዙ እብጠቶች፣ ከማንም ትእዛዝ ሳይጠብቁ በራሳቸው ያመርታሉ። እነዚህ ሃይፐርታይሮይዲዝም ናቸው፤ በዚህ ላይ ክርክር የለኝም። (የአንገት እብጠት ሁሉ የሆርሞን መብዛት ምልክት አይደለም። እንቅርት ያለበት ሰው ሆርሞኑ ትክክል፣ ያነሰ ወይም የበዛ ሊሆን ይችላል።)

ከረጢቱ የሚቀደደው ግን በዕጢው ብግነት፣ ማለትም በታይሮይዳይተስ ጊዜ ነው። ከቫይረስ ሕመም በኋላ አንገትን እያሳመመ የሚመጣ አለ። ከወሊድ በኋላ ባለው አንድ ዓመት ውስጥ ያለ ሕመም የሚከሰትም አለ። የዕጢው ሕዋሳት ሲጎዱ የተከማቸው ሆርሞን ወደ ደም ይፈስሳል፤ ልብ ይፈጥናል፣ እጅ ይንቀጠቀጣል። ወፍጮው ግን ቆሟል። ክምችቱ ከሳምንታት እስከ ጥቂት ወራት ባለ ጊዜ ውስጥ ያልቃል፤ ብዙዎች ከዚያ በኋላ ለተወሰነ ጊዜ ሆርሞን ያንሳቸዋል፣ አብዛኞቹም ይድናሉ።

አስተያየት ሰጪው የሚመካበት ነገር አለው፤ ቲኤስኤች ዝቅ ብሎ ቲ4 (ዕጢው በብዛት የሚያመርተው ሆርሞን) ከፍ ካለ ጉዳዩ ተዘጋ ይላል። አልተዘጋም። እነዚህ ቁጥሮች መንደሩ ውስጥ ምን ያህል ዱቄት እንዳለ ይነግሩናል እንጂ ወፍጮው ይዙር አይዙር አይነግሩንም። ግሬቭስ ባለበትም፣ ከረጢቱ በተቀደደበትም፣ እንክብል በበዛበትም ቲኤስኤች ዝቅ ይላል፤ ሆርሞን ከበዛ ትእዛዝ ሰጪው ዝም ይላልና። (ፒቱታሪ ዕጢ ላይ ቲኤስኤች የሚያመነጭ ዕባጭ ሲኖር ግን ነገሩ ይገለበጣል፤ ሆርሞኑ በዝቶ ሳለ ቲኤስኤች አይወርድም። ብርቅ ነው፣ ግን አለ።)

ምንጩን ለማወቅ ሌላ ምርመራ ያስፈልጋል። አንዱ ለግሬቭስ መንሥኤ የሆነውን ፀረ እንግዳ አካል በደም ውስጥ መፈለግ ነው። ሌላው ጥቂት ራዲዮአክቲቭ አዮዲን ሰጥቶ ዕጢው ምን ያህሉን እንደወሰደ መለካት ነው፤ ወደ ወፍጮው የሚገባውን እህል መመዘን እንደማለት። ግሬቭስ ከሆነ ብዙ ይወስዳል፣ ታይሮይዳይተስ ከሆነ ምንም ያህል አይወስድም። ይህ ምርመራ ለነፍሰ ጡርና ለምታጠባ እናት አይደረግም። በቅርቡ አዮዲን ያለበት የራጅ ማቅለሚያ የተሰጠው ሰው ውጤትም ያሳስታል፤ ወፍጮው አስቀድሞ በእህል ስለተጨናነቀ አዲሱን አይቀበልም። ዱቄቱ ከውጭ የገባ መሆኑን የሚለየው ደግሞ ታይሮግሎቡሊን የተባለው ፕሮቲን ነው። ሆርሞኑ ዕጢው ውስጥ የሚከማቸው በእሱ ላይ ተያይዞ ነውና ከረጢቱ ሲቀደድ ብጥስጣሹ በደም ውስጥ በብዛት ይገኛል፤ ሆርሞኑ በአፍ የተወሰደ ከሆነ ግን ያንሳል። በታይሮግሎቡሊን ላይ የተነሣ ፀረ እንግዳ አካል ባለበት ሰው ይህም ልኬት አይታመንም።

ከውጭ የመግባቱን ነገር ተረት ለሚመስለው፣ በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. አጋማሽ በአሜሪካ በሚኒሶታ፣ በሳውዝ ዳኮታና በአዮዋ አዋሳኝ አካባቢዎች የሆነው አለ። ከመቶ በላይ ሰዎች በታይሮቶክሲኮሲስ ታመሙ። ሲመረመር የበሉት የተፈጨ ሥጋ ከከብት ጉሮሮ አካባቢ የተቆረጠ የታይሮይድ ዕጢ ተቀላቅሎበት ነበር። የዕጢውን ሥራ የሚገታ መድኃኒት ለእነዚህ ሰዎች ምን ይፈይድላቸዋል? የአንዳቸውም ወፍጮ አልፈጨም።

ስሕተቱ የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። ሜቲማዞል፣ ካርቢማዞልና ፕሮፒልታዮዩራሲል የሚሠሩት አዲስ ሆርሞን እንዳይመረት በመከልከል ነው። የተከማቸውን አያቆሙም። በግሬቭስ ሕሙማን ላይ እንኳ ለውጡ ለመታየት ሳምንታት የሚፈጀው ለዚህ ነው፤ ወፍጮው ቢቆምም መጋዘኑ ባዶ እስኪሆን ድረስ ዱቄት መውጣቱን አይተውም። ታይሮይዳይተስ ላለባት አራስ እነዚህን መድኃኒቶች ማዘዝ የቆመ ወፍጮ ማቆም ነው። ጥቅም አይሰጣትም፤ የመድኃኒቱን ጉዳት ግን ትሸከማለች፣ ከጊዜ በኋላ የሚመጣውንም የሆርሞን ማነስ ያባብስባታል። የሚረዳት እንደ ፕሮፕራኖሎል ያለ የልብን ፍጥነትና መንቀጥቀጥን የሚያረጋጋ መድኃኒት፣ ለአራስና ለምታጠባ እናት በሚስማማ መጠን፣ ከተደጋጋሚ የደም ምርመራ ጋር ነው። ሐኪሙ ሳውል ኸርትዝ በ1941 እ.ኤ.አ. ቦስተን ውስጥ በሰው ላይ የጀመረው የራዲዮአክቲቭ አዮዲን ሕክምናም እንዲሁ ነው፤ አዮዲኑን የማይቀበል ዕጢ በእሱ ሊታከም አይችልም።

ከልክ በላይ ማምረቱም የክምችቱ መፍሰስም በአንድ መድኃኒት ሊመጡ የሚችሉበት ሁኔታ አለ። አሚዮዳሮን የተባለው የልብ መድኃኒት ከክብደቱ ከመቶ 37 ያህሉ አዮዲን ነው። በአንዳንዱ ሰው ዕጢውን በአዮዲን አጥለቅልቆ ከልክ በላይ ያስመርተዋል፤ ሕክምናው ምርትን የሚከለክል መድኃኒት ነው። በሌላው ሰው ዕጢውን ይጎዳና ክምችቱን ያፈስሰዋል፤ ሕክምናው ብግነትን የሚያበርድ ስቴሮይድ ነው። የደሙ ቁጥር ተመሳሳይ፣ መድኃኒቱ የተለያየ። ልዩነቱ የስም ብቻ ነው የሚል ሰው ይህን ታማሚ ምን ብሎ ሊያክመው ነው?

እንዲያውም ቲኤስኤች መውረዱ ራሱ ሁልጊዜ ታይሮቶክሲኮሲስ አይደለም። በእርግዝና የመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት የእርግዝናው ሆርሞን ዕጢውን በመጠኑ ስለሚያነቃቃ ቲኤስኤች ይወርዳል፤ በሌላ ከባድ ሕመም ሆስፒታል የተኛ ሰውም ሊወርድበት ይችላል። ለፀጉርና ለጥፍር ተብሎ የሚወሰደው ባዮቲን የተባለ ቫይታሚን ደግሞ በከፍተኛ መጠን ሲወሰድ የአንዳንድ መመርመሪያ መሣሪያዎችን ውጤት ያዛባል፤ ጤነኛ ሰው ግሬቭስ ያለበት መስሎ ይታያል። ከምርመራው ቢያንስ ሁለት ቀን አስቀድሞ ማቆም ይገባል።

ለሥራ ባልደረቦቼ የምለው ምንጩ ሳይለይ በወረቀቱ ላይ «ታይሮቶክሲኮሲስ፣ ምንጩ ያልታወቀ» ብላችሁ ጻፉ ነው። ተቀባዩ ሐኪም ምርመራው ገና እንዳላለቀ ያውቃል። «ሃይፐርታይሮይዲዝም» ተብሎ ከተጻፈ ግን መድኃኒቱ ይቀጥላል፣ ጠያቂ የለም። የሆርሞን ምርትን የሚከለክለውን መድኃኒት አስቀድሞ የጀመረ ታማሚ ይህን አንብቦ በራሱ አያቁም፤ ምንጩ በምን ምርመራ እንደተለየ ሐኪሙን ይጠይቅ። እየወሰደ ሳለ ትኩሳትና የጉሮሮ ሕመም ከያዘው ግን ቀጠሮ አይጠብቅ፤ መድኃኒቱ አልፎ አልፎ ነጭ የደም ሕዋሳትን አደገኛ እስኪሆን ድረስ ያሳንሳልና የሚቀጥለውን እንክብል ሳይውጥ በዚያው ቀን ደሙን ይመርመር።