ዘጋቢ ፊልም በጣና ዳር

በባሕር ዳርና በጣና ዙሪያ በማኅበራዊ ጉዳይ ላይ የሚያተኩር ዘጋቢ ፊልም ብዙውን ጊዜ ከሌላ ሥራ ጎን ለጎን የሚሠራ ነው። ባለሙያው ሠርግ ይቀርጻል፣ ለመሥሪያ ቤትና ለግብረ ሰናይ ድርጅት የፕሮጀክት ፊልም ያዘጋጃል፣ አለዚያም ዋና መሥሪያ ቤቱ በከተማዋ በሆነው በአማራ ሚዲያ ኮርፖሬሽን ይቀጠራል። ያሠራው ድርጅት የሚፈልገው ርክክቡንና ምስጋናውን ነው። የተተከለው የውኃ ፓምፕ ከዓመት በኋላ ይሥራ አይሥራ የሚያየው ግን በራሱ ገንዘብ ተመልሶ የሚሄድ ሰው ብቻ ነው። የጎንደር ተወላጁ ኃይሌ ገሪማ፣ ዓድዋን የሚመለከተውን ዘጋቢ ፊልም እ.ኤ.አ. በ1999 ያወጣው፣ ፊልሞቹን ራሱ እያከፋፈለ የቆየው ለዚሁ ነፃነት ሲል ነው።

በአካባቢው ብዙ የተቀረጸው ጉዳይ እምቦጭ ሳይሆን አይቀርም። አረሙ በጣና ላይ መታየቱ ይፋ የሆነው እ.ኤ.አ. በ2011 ነው። ሐምራዊ አበባው በካሜራ ያምራል፤ ክረምቱ ሲወጣ ወገባቸው ድረስ ውኃ ውስጥ ገብተው የሚነቅሉት ገበሬዎችም ጠንካራ ምስል ይሰጣሉ። በዘመቻው ሰሞን ብቻ የመጣ ቀራጭ የተከመረውን አረም አሳይቶ ታሪኩ ያለቀ ያስመስለዋል። በክረምት የመጣ ግን ጉማራ፣ ርብና መገጭ የታጠበ አፈርና የማዳበሪያ ቅሪት ይዘው ሲገቡ ያያል፤ ከከተማ የሚወጣው ፍሳሽም አለ። በበጋ ሐይቁ ሲሸሽ ገበሬው ባሕር ሸሹን መሬት ያርሳል፣ የእምቦጩ ዘር ደግሞ ጭቃው ውስጥ ለዓመታት ሳይሞት ይቆያል። ስለዚህ ይህን ጉዳይ በቅጡ ለማሳየት ቢያንስ አንድ ሙሉ ዓመት መከታተል ያስፈልጋል።

የነገደ ወይጦ ማኅበረሰብ የደንገል ታንኳ ሲሠራ ብዙ ጊዜ ተቀርጿል። ታንኳው ውብ ነው፤ ግን እሱን ብቻ ማሳየት ሰዎቹን ጌጥ ማድረግ ነው። ከተማዋ በሰፋች ቁጥር ከሐይቁ ዳር መገፋታቸው፣ ደንገሉ መመናመኑ፣ በጎረቤቶቻቸው ዘንድ ለረጅም ዘመን መናቃቸው የዚያው ታሪክ አካል ነው። ይህን የሚናገር ሰው ካሜራ ፊት ከመቀመጡ በፊት ፊልሙ የት እንደሚታይ ማወቅ አለበት።

በገዳማቱ ለመቅረጽ የቤተ ክርስቲያኒቱ ፈቃድ ያስፈልጋል። እንደ ክብራን ገብርኤል ባሉት ደግሞ ሴት ስለማትገባ ሴት ባለሙያ ከወንድ ቀራጭ ጋር ተማክራ ትሠራለች። እ.ኤ.አ. ከ2023 ጀምሮ በክልሉ ያለው ግጭት የገጠር ጉዞን አክብዶታል።

ጥሩ ባለሙያ ሥራውን ከማጠናቀቁ በፊት ለተቀረጹት ሰዎች ያሳያል። ጄኔሬተር፣ ነጭ አቡጀዴና የትምህርት ቤት ግቢ ይበቃሉ። ዓሣ አስጋሪው የመረቡ ዓይን በስህተት መገለጹን፣ ገበሬዋ ንግግሯ መሐል ላይ መቆረጡን የሚናገሩት እዚያ ነው፤ የመጨረሻው ቅንብርም ከዚያ ምሽት በኋላ ይሠራል።