የተወረሱ ቤቶች ክርክር በመሀል አዲስ አበባ

«የተወረሰ ቤት ክርክር» የሚባለው በ1967 ዓ.ም. የመሬትና የቤት አዋጆች ጊዜ ከባለቤቱ እጅ የወጣ ቤት ወይም ቦታ ይመለስልኝ ከሚል አቤቱታ የሚነሳ ሙግት ነው። በፒያሳ፣ በደጃች ውቤ ሰፈር፣ በልደታና በአራት ኪሎ አካባቢ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላም አላበቃም። የከተማዋ ብዙ ነባር ሰፈሮች ስማቸውን ያገኙት ከቤተ መንግሥት ቦታ ከተሰጣቸው መኳንንት ነውና የመሬቱ ታሪክ ገና ከጥንቱ ሰጪና ተቀባይ ነበረው።

የገጠሩን መሬት የሕዝብ ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31/1967 በየካቲት ወጣ። የከተማውን ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47/1967 ደግሞ በሐምሌ 19 ቀን ተከተለ። አንድ ቤተሰብ፣ ማለትም ባል፣ ሚስትና ለአካለ መጠን ያልደረሱ ልጆች፣ የሚይዘው አንድ መኖሪያ ቤትና ከ500 ካሬ ሜትር ያልበለጠ ቦታ ሆነ። ወርኃዊ ኪራያቸው ከ100 ብር በታች የነበሩት ቤቶች ለቀበሌ፣ ከዚያ በላይ ያሉት ለኪራይ ቤቶች አስተዳደር ተላለፉ። ዛሬም የሰፈር ሰው «የቀበሌ ቤት» እና «የኪራይ ቤቶች» እያለ የሚለያቸው በዚህ ምክንያት ነው። ኪራይ ስለወረደለት አዋጁን በደስታ የተቀበለ ተከራይ ብዙ ነበር። የልጅ ልጅ ያየበትን ቤት «የሰው ነው» ቢባል የሚጎዳው እሱ ነው። የባለቤቱ ወራሽ ሐዘንም የዚያኑ ያህል እውነተኛ ነው። ዳኛው ፊት የሚቆሙት ሁለት ባለ ጉዳዮች ናቸው፤ አንዱን ብቻ እያዩ ስለዚህ ክርክር መጻፍ ፍትሐዊ አይመስለኝም።

ብዙ ከሳሾች «ቤቱ የአባቴ ነበር» የሚለውን ማስረጃ ተሸክመው ይመጣሉ። ይህ ግን በአብዛኛው አያከራክርም። ወሳኙ ጥያቄ ቤቱ በምን ሁኔታ ተወሰደ የሚለው ነው። በአዋጅ 47 መሠረት ትርፍ ቤት ተብሎ የተወረሰ ከሆነ መደበኛ ፍርድ ቤት አዋጁን ሽሮ አያስመልስም። ከአዋጁ ውጭ የተወሰደ ንብረት ሌላ በር አለው። በ1987 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 110 አግባብነት ካላቸው አዋጆች ውጭ የተወሰዱ ንብረቶች የሚመረመሩበትን ሥርዓት ዘርግቷል፤ ምርመራውንም የሰጠው ለአስተዳደር አካል ነው። «ቤቱ ከቶ አልተወረሰም፤ እኛ በሌለንበት ቀበሌው ያስተዳድረው ጀመር እንጂ» የሚል ደግሞ በ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1206 የመፋለም መብቱን፣ ማለትም ንብረቱን ያለ አግባብ ከያዘው የማስመለስ መብቱን፣ ይጠቅሳል። አንዱን በር ከሌላው ያምታታ ከሳሽ ፍሬ ነገሩ ሳይሰማ፣ ሥልጣን የለንም ተብሎ ዓመታት አጥፍቶ ይመለሳል። በዚህ ሙግት ውስጥ ከሁሉ የሚያሳዝነኝ ይህ ነው፤ ድህነትና እርጅና ለሁለተኛ መዝገብ አይበቁምና።

ማስረጃው ቤቱ ለመንግሥት ሲተላለፍ የተሞሉት የ1967 ርክክብ ቅጾች፣ የቦታ ግብር ደረሰኝ፣ የኪራይ ውል፣ ካርታና ፕላን ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1195 የባለሀብትነት ማረጋገጫ የያዘ ሰው እንደ ባለሀብት ይገመታል ይላል። ቁጥር 1196 ግን ማረጋገጫው ከሕግ ውጭ መሰጠቱ ከተረጋገጠ ግምቱ እንደሚፈርስ ይደነግጋል። ቅጹ ከማኅደር ሲጠፋ የቀድሞ ጎረቤቶች ምስክርነት ይፈለጋል፤ እነሱም እየተመናመኑ ነው።

ፍርድ ቤቱም አንድ አይደለም። በአዲስ አበባ ቻርተር፣ ማለትም በከተማው መተዳደሪያ ሕግ በአዋጅ ቁጥር 361/1995፣ የይዞታና የከተማ ፕላን አፈጻጸም ክርክሮች ለከተማው ፍርድ ቤቶች ተሰጥተዋል፤ የባለቤትነት ክርክር ወደ ፌዴራል ፍርድ ቤት ይሄዳል። «ይዞታ ነው ወይስ ባለቤትነት?» የሚለው ራሱ ክርክር ሆኖ ከርሟል። መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለ የሚል ወገን ጉዳዩን ሰበር ያደርሳል። ከአዋጅ ቁጥር 454/1997 ጀምሮ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ከአምስት ባላነሱ ዳኞች የሰጠው የሕግ ትርጉም የበታች ፍርድ ቤቶችን ያስገድዳል። ስለዚህ ጠበቆች ከአዋጁ ባልተናነሰ የሰበር መዝገብ ቁጥር ይጠቅሳሉ።

በ2016 ዓ.ም. በፒያሳ ለልማት ሰፊ ፈረሳ ሲካሄድ ሙግቱ መልኩን ቀየረ። ቤቱ ከፈረሰ የሚመለስ ነገር የለም፤ የሚቀረው የካሳና የምትክ ጥያቄ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40(8) ለሕዝብ ጥቅም ሲባል ለሚወሰድ የግል ንብረት ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ እንዲከፈል ያዛል። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ደግሞ አቤቱታው መጀመሪያ በአቤቱታ ሰሚ አካል፣ ቀጥሎ በይግባኝ ሰሚ ጉባኤ እንዲታይ ያደርጋል። እዚያም ካሳ የሚጠይቅ ሰው ባለመብት መሆኑን ማሳየት አለበት። በዚህን ጊዜ የ1967ቱ ቅጽ እንደገና ከፋይሉ ይወጣል።