የቴሌኖቬላ እንባ የውሸት ነው? ስለ ስፓኒሽ መዝናኛ የምንሳሳታቸው ነገሮች

ስለ ሜክሲኮ ድራማና ስለ ስፓኒሽ ዘፈን ስናወራ ስሜቱ ወይ የለየለት ውሸት ነው እንላለን፣ ወይ ደግሞ ከልብ ስለሆነ ድካም የለውም። ሁለቱም ልክ አይደሉም። (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው።)

«እንባው ውሸት ነው፣ ሽንኩርት ነው»

እንባ ለማምጣት ሜንቶል (ዓይን የሚያቃጥል የአዝሙድ ዓይነት ሽታ ያለው ነገር) የሚጠቀም ተዋናይ አለ። ግን የሥራውን ፍጥነት እዩት። ቴሌኖቬላ፣ ማለትም ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ፣ አብዛኛውን ጊዜ ከሰኞ እስከ አርብ በየቀኑ ይተላለፋል፣ ብዙውም ከ100 ክፍል ያልፋል። ቀረጻው የታሪኩን ቅደም ተከተል አይጠብቅም፤ አንድ ቦታ ላይ ያሉት ትዕይንቶች በአንድ ላይ ይቀረጻሉ። ስለዚህ ጠዋት ልጇ ሞቶባት ስታነባ የነበረች ተዋናይ፣ ከምሳ በኋላ ያንኑ ልጅ ገና አርግዛ ትስቃለች። ሜክሲኮ ላይ ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ስክሪፕቱን ለመሸምደድ ጊዜ ስለማይበቃ ብዙ ተዋንያን ጆሯቸው ውስጥ ትንሽ ማዳመጫ ያደርጋሉ፤ ከካሜራ ውጪ ያለ ሰው ንግግሩን እያነበበ ይነግራቸዋል። የሌላ ሰው ድምፅ በጆሮህ እየገባ፣ ፊት ለፊትህ ያለውን ሰው ዓይን እያየህ አልቅስ እስቲ! ይሄን ማታለል ማለት ይከብደኛል። የለየለት የጉልበት ሥራ ነው።

«እውነተኛ ዘፋኝ የአገሩ ተወላጅ ነው»

ቻቬላ ቫርጋስ የተወለደችው ኮስታሪካ ነው፣ በ1919። ሆኖም ራንቼራ ከሚባለው የሜክሲኮ ባህላዊ ዘፈን ታላላቅ ድምፆች አንዷ ሆናለች። የተለመደውን ጥሩምባና ቫዮሊን ትታ በጊታር ብቻ፣ ቀስ አድርጋ ነበር የምትዘፍነው።

«ከልቡ የሚዘፍን አይደክመውም»

እዚህ ላይ ነው ዋናው ስህተት። ቻቬላን ራሷን መጠጥ ለዓመታት ከመድረክ አርቋታል፤ የተመለሰችው በ1990ዎቹ መጀመሪያ ነው። ዘፈኑ ነው ለዚያ ያደረሳት አልልም። ግን ከልብ መዝፈኗም አላዳናትም። ስፔናዊው ዘፋኝ አሌሃንድሮ ሳንዝ ደግሞ በ2023 ትዊተር ላይ ደህና እንዳልሆነ፣ እንዳዘነና እንደደከመው በግልጽ ጻፈ። በዚያው መልእክት ግን ለኮንሰርቶቹ እንደሚደርስ ተናገረ። አያችሁ፣ ደክሞኛል ያለው ሰው ወዲያው ስለ ሥራው ነው የሚያረጋግጥልን። ኮሎምቢያዊው ዘፋኝ ጄ ባልቪንም ስለ ጭንቀቱና ስለ ድብርቱ በአደባባይ ሲናገር ቆይቷል። ገንዘብና ዝና አልጎደለባቸውም።

«ዕረፍት የወጣ ዘፋኝ አልቆለታል»

ተረት ነው። የፖርቶ ሪኮው ባድ ባኒ በ2022 መጨረሻ፣ ለአካሉም ለስሜቱም ጤና ሲል ቀጣዩን ዓመት እንደሚያርፍ አስታወቀ። ዓመቱ ሳያልቅ አዲስ አልበም ይዞ ብቅ አለ፤ እንግዲህ ዕረፍት ከተባለ። በ2025 ደግሞ ከአገር አገር ከመዞሩ በፊት በፖርቶ ሪኮ ዋና ከተማ ሳን ሁዋን ተቀምጦ 30 ያህል ኮንሰርት አቀረበ። የመጀመሪያዎቹ 9 ምሽቶች ትኬት የተሸጠው ለደሴቲቱ ነዋሪዎች ብቻ ነበር።