ፓናዳ ምንድን ነው? በሥጋ ውስጥ የሚደበቀው ፍትፍት

ፓናዳ ፍትፍት ነው። ዳቦ በወተት ወይም በውኃ ይርሳል፣ እስኪልም ድረስ በጣት ይፈተፈታል፣ ከዚያም ከተፈጨ ሥጋ ጋር ይቀላቀላል። ከዚያ በኋላ ማንም አያየውም። ጣሊያኖች ፖልፔቴ የሚሉት ድቡልቡል ሥጋ በማንኪያ ጠርዝ ሲነካ ለሁለት የሚከፈለው በዚህ ፍትፍት ምክንያት ነው። ፍትፍቱ ከሌለ ያው ሥጋ ከድስት ሲወጣ የልጆች የጨርቅ ኳስ ይሆናል፤ ሳህን ላይ ቢጥሉት የሚነጥር ይመስላል።

ይህን ለመጻፍ ያነሳሱኝ ደሴ ውስጥ በአንድ ግቢ የምንኖር ጎረቤቴ ናቸው። አረፋ ባለፈ ሰሞን ቤታቸው ሥጋ ተትረፍርፎ ስለነበር «እስኪ ያንን የፈረንጅ ድብልብል አሳዪኝ» ብለው ሥጋቸውንና ድስታቸውን ይዘው መጡ። እኔም የራሴን ሥጋ ከሉካንዳ አምጥቼ ነበር። ወሎ እንደመሆኑ ቤቱ አንድ ሆኖ ድስቱ ሁለት ነው፤ የእስላሙ ሥጋ በአንዱ፣ የክርስቲያኑ በሌላው። በዚህ ማንም አይከፋም። ዳቦውን ወተት ውስጥ ስነክር ሲያዩ ግን እማማ ፊታቸውን አጨማደዱ። «አይ ልጄ፣ ይህ ሁሉ ሥጋ እያለ ዳቦ ምን ይሠራል? ሥጋ አጠረሽ?»

ጥያቄያቸው ያለ ምክንያት አይደለም። ፖልፔቴ በጣሊያንም ቢሆን የድግስ ምግብ ሳይሆን የቤት ምግብ ነው። የተረፈ ቅቅል ሥጋና የደረቀ ዳቦ ያላት እናት ሁለቱንም ሳትጥል ልጆቿን የምታበላበት ዘዴ ሆኖ ኖሯል። ዳቦው ሥጋውን ያበዛል፤ ይህ አይካድም። ነገር ግን ሥጋ የሞላለት ሰውም ዳቦውን አልተወውም። ያለ ዳቦ የሠራ ሁሉ ያገኘው ጠንካራ ነገር ስለሆነ ነው።

ቃሉ ራሱ የመጣው ዳቦ ማለት ከሆነው «ፓኔ» ነው። በሰሜን ጣሊያን፣ በቬኔቶ አካባቢ፣ ፓናዳ ሲባል ዳቦ በመረቅ ውስጥ እስኪፈርስ ተቀቅሎ የሚጠጣ ሾርባ ማለት ነው። የተፈጨ ሥጋን ለማለስለስ የሚገባውን የራሰ ዳቦ በዚያው ዘር የሚጠሩት ይበልጡን ባለሙያ አብሳዮች ናቸው፤ ፈረንሳዮቹ «ፓናድ» ይሉታል። የጣሊያን የቤት እመቤት ግን «በወተት የራሰ ዳቦ» ብላ ታልፈዋለች። እኛ ፍትፍት ብንለው የሚቀየመን የለም።

አሁን ወደ ሥጋው እንግባ፤ ምስጢሩ ያለው እዚያ ነውና። ሥጋ ሲሞቅ ፕሮቲኑ ይኮማተራል፤ ሲኮማተርም የያዘውን ውኃ እንደተጠመዘዘ ልብስ ያፈሳል። ከ60 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ በላይ ይህ መጠምዘዝ ይበረታል። የተፈጨ ሥጋ ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። ሲፈጭ ጭረቱ ስለሚቆራረጥ ማዮሲን የሚባለው ፕሮቲን በቀላሉ ይወጣል፤ ጨው ሲያገኘው ይሟሟል፣ እጅ ሲያሸው ይጣበቃል። በታሸ ቁጥር እንደ ሙጫ እየያዘ ይሄዳል። ቋሊማ ሲቆረጥ አንድ ወጥ፣ ጠበቅ ያለ ገጽ የሚያሳየው በዚህ ነው። ለቋሊማ ሠሪ ይህ ሙያ ነው፤ ለፖልፔቴ ግን ጥፋት ነው።

ፓናዳ በዚህ መሃል ይገባል። የዳቦው ስታርች ወተቱን ጠጥቶ ያብጣል፤ ሥጋው ሲጨመቅ እንኳ የያዘውን እርጥበት በቀላሉ አይለቅም፤ እንዲያውም ሥጋው ካፈሰሰው ጭማቂ የተወሰነውን ይቀበላል። በዚያ ላይ በሥጋው ቅንጣቶች መካከል ስለሚቀመጥ እርስ በርሳቸው ተጨባብጠው አንድ ድንጋይ እንዳይሆኑ ይከለክላቸዋል። ብዙ ሰው የሚስተው እዚህ ላይ ነው፤ የደረቀ የዳቦ ዱቄት እንዳለ ሥጋው ላይ መነስነስ ፓናዳ አይደለም። ደረቅ ዳቦ የተጠማ ነው፤ ወተት ካላጠጡት የሥጋውን ጭማቂ ይጠጣል። ለማለስለስ የገባው ነገር ያደርቃል።

እኛ ጋ ደግሞ ፓናዳ ከጣሊያን ይልቅ ያስፈልጋል ባይ ነኝ። እነርሱ ብዙ ጊዜ የበሬ ወይም የጥጃ ሥጋ ከአሳማ ጋር ይቀላቅላሉ፤ ስቡ ከአሳማው ይመጣል፣ ልስላሴው ከጥጃው። በወሎ ቤት እስላሙም ክርስቲያኑም አሳማ አይበላም። በሬያችን ደግሞ ሣር በልቶ፣ ብዙ ጊዜም ሞፈር ጎትቶ ያደገ ነው፤ ጣዕሙ የሚያስቀና ቢሆንም ሥጋው ቀይና ጠንካራ ነው። ስለዚህ ሉካንዳ ሲሄዱ ለክትፎ እንደሚመረጠው ጮማ የሌለው ቀይ ሥጋ አይጠይቁ። ሁለት እጅ ወርች፣ አንድ እጅ ፍሪምባ ከነጮማው ይበሉ፤ ከጠቅላላው አምስተኛው ያህል ስብ ቢሆን አይብዛብዎ። ጅማቱ ይውጣ፤ ሥጋው ቀዝቃዛ ሆኖ አንድ ጊዜ ብቻ በማሽን ይለፍ። የበግ ሥጋ ከሆነ ከላቱ ትንሽ መጨመር ይበጃል፤ ሲበዛ ግን ሽታው የቲማቲሙን ጣዕም ይውጠዋል።

ልኩ እንዲህ ነው። ለ500 ግራም የተፈጨ ሥጋ 70 ግራም ያህል ቅርፊቱ የተገፈፈ ዳቦና 110 ሚሊ ሊትር ወተት። ዳቦው የትናንት ወይም የትናንት በስቲያ ፉርኖ ቢሆን ይመረጣል። የዕለቱ ትኩስ ዳቦ ሲርስ እንደ ሊጥ ይለጥጣል፤ ደረቅ ያለው ግን ወተቱን በእርጋታ ይጠጣና ይፈርሳል። ድፎ ዳቦም ይሆናል፤ ጥቁር አዝሙዱ ግን ጣሊያንኛ አይናገርም። በእንጀራ ሞክሬዋለሁ፤ ማለስለሱን ያለሰልሳል፣ ኮምጣጣነቱ ግን ከቲማቲሙ ኮምጣጣነት ጋር ተደርቦ ምግቡን አበላሸብኝ። ወተት ከጠፋ ውኃ ወይም መረቅ ይተካዋል። እርጎም በጥቂት ውኃ ቀጥኖ ቢገባ ደህና ነው።

ዳቦው በወተቱ ውስጥ አሥር ደቂቃ ይቀመጥ። ከዚያ በሁለት ጣት ቆንጠጥ ያድርጉት፤ መሃሉ ላይ የሚቆረቁር ደረቅ ፍሬ ካገኙ ገና ነው። ሲደርስ ገንፎ መስሎ ይታሻል፣ ሲያዘነብሉት ግን ወተት አይፈስም። ከፈሰሰ ጨመቅ አድርጎ ትርፉን ማስወገድ ነው።

ቀጥሎ የማደርገው ነገር ልዩነቱን ያመጣልኝ ነው። ሥጋውን ከመንካቴ በፊት ሌላውን ሁሉ ከፓናዳው ጋር አዋህዳለሁ፦ አንድ እንቁላል፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ የተፈቀፈቀ ጠንካራ ዓይብ 40 ግራም ያህል፣ የተከተፈ ፐርሰሜሎ፣ አንድ ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ ቁንዶ በርበሬ፣ ቁንጥር ገውዝ። የጣሊያን ዓይብ ካልተገኘ የቤታችን ዓይብ ውኃው ተንጠፍጥፎ ይገባል። ጣሊያኖችም ሪኮታ የሚሉትን፣ ከአይባችን ጋር የሚቀራረብ ለስላሳ ነገር ፖልፔቴ ውስጥ ይጨምራሉና ነውር የለበትም። የእኛው ዓይብ ግን ጨዋማነቱን ስለማይሰጥ ጨው ትንሽ ከፍ ማድረግ ያስፈልጋል። እንቁላሉን ግን ከአንድ አያሳልፉ፤ ሁለተኛው ያጠነክራል።

ሥጋው የሚገባው በመጨረሻ ነው። ሁሉም ነገር አስቀድሞ ስለተዋሃደ ሥጋው ብዙ መታሸት አያስፈልገውም። ጣቶችን እንደ መንሽ ከፈት አድርጎ ከሥር ወደ ላይ ማንሳት፣ ማገላበጥ፣ ነጭና ቀይ መለየቱ ሲቀር ማቆም። እማማ እዚህ ላይ ትዕግሥታቸው አለቀ። የዳቦ ሊጥ ሲያሹ ዕድሜያቸውን የፈጁ ሴት ናቸው፤ በእርሳቸው ሚዛን በሁለት እጅ ተጨምቆ ያልታሸ ነገር በስንፍና የተሠራ ነው። በራሳቸው ሳህን ላይ እጃቸውን አጥብቀው ሲጀምሩ «እማማ፣ ይተዉት፣ ይተዉት» እያልኩ ያዝኳቸው። ለሊጥ መታሸት ነፍሱ ነው፤ ለዚህ ግን ሞቱ ነው።

ከዚያ ትንሽ ቆንጥሮ ዘይት ላይ ጠብሶ መቅመስ። ክትፎ የለመደ አገር ስለሆንን ጥሬውን ለመቅመስ እጃችን ይሄዳል፤ ጥሬ እንቁላል እንዳለበት አይርሱ። ጨው ከጎደለ አሁን ይታወቃል። ሳህኑ ተከድኖ ግማሽ ሰዓት በቀዝቃዛ ቦታ ይረፍ። የደሴ አመሻሽ ለዚህ ከማቀዝቀዣ አያንስም። ከዚያ እጅን በውኃ እያራሱ ከእንቁላል አነስ ያለ ድቡልቡል ማድረግ ነው፤ ከላይ ያለው ልክ ሃያ ያህል ይወጣዋል። ማድቦልቦል እንጂ መጨበጥ አይደለም። ላዩ ላይ ስንጥቅ ቢታይ አያስጨንቅ።

አበሳሰሉ ብዙ አያከራክርም። በዘይት ዙሪያውን እስኪቀላ ጠበስ፣ ከዚያ ወደ ስጎ። አንዳንድ የጣሊያን ቤት ጥሬውን በቀጥታ ስጎው ውስጥ ይጨምራል፤ የበለጠ ይለሰልሳል፣ የጥብሱን ጣዕም ግን ያጣል። እኔ መጥበሱን እመርጣለሁ። የጣሊያኑ ስጎ እንደኛ በሽንኩርት ብዛት አይቆምም፤ ዘይት፣ ጥቂት ሽንኩርት ወይም ነጭ ሽንኩርት፣ ቲማቲም፣ በመጨረሻም ባዚሊኮ። ባዚሊኮ ከጠፋ ዘመዱ የሆነው የእኛው በሶብላ ሁለት ቅጠል ይበቃል። በርበሬ ይግባበት የሚል ይኖራል። ያግባ፤ ጥሩ ወጥ ይሆናል፣ ስሙ ግን ፖልፔቴ አይደለም።

ድስቱ ይንተክተክ እንጂ አይፍለቅለቅ። በኃይል ሲፈላ ድቡልቡሉ ይጋጫል፣ ሥጋውም ይጠመዘዛል። በዚህ ደሴ ታደለች፤ ከባሕር ጠለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውኃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ቲማቲሙ እስኪበስል ዘግየት ይላል፤ ሥጋው ግን ገር ሙቀት ያገኛል። የተፈጨ ሥጋ መሃሉ 71 ዲግሪ ከደረሰ ስለሚያስተማምን በዚህም አይሰጉ። ግማሽ ሰዓት እስከ አርባ ደቂቃ ይበቃዋል። ኮምቦልቻ ከደሴ ዝቅ ያለች ስለሆነች እዚያ ውኃው በሁለት ዲግሪ ያህል ከፍ ብሎ ይፈላል፤ እዚያ ያለ ሰው እሳቱን ትንሽ ዝቅ ያድርግ።

ከፓስታ ጋር ነው ወይስ ለብቻው? በጣሊያን ፖልፔቴ ብዙውን ጊዜ ከፓስታው በኋላ እንደ ሁለተኛ ምግብ በዳቦ ይበላል። በስፓጌቲ ላይ ትልልቅ ድብልብል መከመርን ያስፋፉት ወደ አሜሪካ የተሰደዱ ጣሊያኖች ናቸው። በአብሩዞ፣ በተለይ በቴራሞ አካባቢ፣ ከፓስታ ጋር የሚበላ አለ፤ ያ ግን የሽምብራ ፍሬ የሚያህል ደቃቅ ነው። እኛ ስጎ፣ ፓስታና መኮረኒ የሚሉትን ቃላት ከጣሊያኖች ወስደን አስቀርተናል። እነርሱ ደሴን በኅዳር 1928 ዓ.ም. ከአውሮፕላን ደብድበው፣ በሚያዝያ ገብተው፣ በሚያዝያ 1933 ዓ.ም. ተሸንፈው ለቀቁ። አመጣጣቸው ክፉ ነበር፤ ድስቱ ግን ምንም አላደረገንም።

የዚያን ቀን ሁለቱ ድስቶች ጎን ለጎን ተንተክትከው ወረዱ። ፓናዳው ከአንድ ሳህን ለሁለት የተካፈለ ነበር። እማማ ከራሳቸው ድስት አንዱን አውጥተው በማንኪያ ጠርዝ ጫን አሉት፤ ተከፈለ። በልተው ጨርሰው ሁለተኛውን አነሱ። እርሱንም ከፍለው ወደ ብርሃን አስጠጉት፣ አገላበጡት፣ በጣታቸው ጫፍ ፈተሹት።

«ኧረ ልጄ» አሉኝ፣ «ዳቦው ወዴት ገባ?»